በገንዘብ ላይ የታተመ ውሃ

ሂልብሮው ከጆሃንስበርግ መሃል በስተሰሜን፣ ድንጋያማ ሸንተረር ላይ የተቀመጠ ሰፈር ነው። ሸንተረሩ በአፍሪካንስ «ዊትዋተርስራንድ» ይባላል፤ «የነጭ ውሃዎች ሸንተረር» ማለት ነው። ስሙን የሰጡት ከዓለት እየዘለሉ በአረፋ የሚነጡት ጅረቶች ናቸው። ደቡብ አፍሪካ እ.ኤ.አ. በ1961 ከፓውንድ ወደ ራሷ ገንዘብ ስትሸጋገር የዚህን ስም መጨረሻ ቆርጣ ለመገበያያዋ አዋለችው፤ «ራንድ» የሚለው ቃል ከዚያ መጣ። ከዐሥራ አምስት ዓመት በኋላ ደርግ ያሳተመው የአንድ ብር ኖት ደግሞ በአንድ ፊቱ የልጅ ምስል፣ በሌላው ፊቱ የጢስ ዓባይን ፏፏቴና ወፎችን ይዞ ወጣ። ሁለት አገሮች የሚወርድ ውሃቸውን በገንዘባቸው ላይ አኖሩት፤ አንዱ በቃል፣ ሌላው በሥዕል። ይህን ያህል የተከበረ ውሃ በሁለቱም አገሮች የሒሳብ መዝገብ ውስጥ ለረጅም ጊዜ ቦታ አለማግኘቱ ግን የታሪካቸው አስገራሚ ክፍል ነው።

ዛሬ በጆሃንስበርግ አስጎብኚ ይዞ ፏፏቴና የዱር እንስሳት በአንድ ቀን ለማየት የሚሻ ሰው ወደ ምዕራብ ይጓዛል። ሠላሳ ኪሎ ሜትር ያህል ሲሄድ ሩድፖርት ይደርሳል፤ በዚያ በዋልተር ሲሱሉ ስም የተሰየመው ብሔራዊ የዕፅዋት ማዕከል ይገኛል። በማዕከሉ ውስጥ የዊትፖርትዪ ፏፏቴ ሰባ ሜትር ከሚሆን ገደል ይወርዳል። ከፏፏቴው አጠገብ ባለው የዓለት ግድግዳ ላይ ሽኮኮ እያደኑ የሚኖሩ ጥቁር ንስሮች ጎጆ አላቸው፤ በሚሊዮኖች ከሚቆጠር ሕዝብ ደጃፍ ላይ እንዲህ ያለ አዳኝ ወፍ መራባቱ ከፏፏቴው ያላነሰ ጎብኚ ይስባል። ከሰዓት በኋላ ጉዞው ወደ ክሩገርስዶርፕ የእንስሳት ጥብቅ ስፍራ፣ ወይም በ1999 በዓለም ቅርስነት ወደተመዘገበው የሰው ዘር መገኛ ዋሻዎች ሊቀጥል ይችላል። ምሽት ላይ ጎብኚው ከተማው ውስጥ ነው።

ጉዞው አጭር ቢሆንም ለሁሉም የተፈቀደ አልነበረም። በ1953 የወጣው የሕዝብ መገልገያዎችን በዘር የሚለይ ሕግ መናፈሻን፣ የባሕር ዳርቻንና መጓጓዣን ለነጮች ብቻ መከለል የሚያስችል ሲሆን የተሻረው በ1990 ነው። ሂልብሮውም ራሱ በሕግ የነጮች ሰፈር ነበር፤ ወጣት ሠራተኞችና ከአውሮፓ የመጡ ስደተኞች በየፎቁ የሚኖሩበት። ከ1968 እስከ 1971 የተገነባውና 269 ሜትር የሚረዝመው የቴሌኮም ማማ በአናቱ ላይ የሚሽከረከር ምግብ ቤት ነበረው፤ በ1981 ለጸጥታ ሲባል ለጎብኚዎች ተዘጋ። ጥቁሮች፣ ሕንዶችና ቅልቅሎች በሰፈሩ ቤት እየተከራዩ መግባት የጀመሩት ገና ሕጉ ሳይሻር ነው። በ1982 የትራንስቫል ፍርድ ቤት በጎቨንደር ጉዳይ የሰጠው ውሳኔም፣ ሌላ መኖሪያ መኖሩ ሳይጣራ ተከራይን በዘር ሕግ ማስወጣትን አዳጋች አደረገው። ዛሬ የሂልብሮው ነዋሪ ከመላው አህጉር የመጣ ነው፤ ከሰፈሩ በስተደቡብ ባለው የጄፔ ንግድ አካባቢም የኢትዮጵያውያን ሱቆች ሕንፃዎችን ሞልተዋል። ሰፈሩ ራሱ የጉብኝት መዳረሻም ሆኗል፤ ከአጠገቡ በ1975 በተጠናቀቀው ባለ 54 ፎቅ ክብ ሕንፃ፣ በፖንቴ፣ የሚሠራ አንድ የማኅበረሰብ ድርጅት እንግዶችን በእግር እያዞረ መንገዶቹን ያስጎበኛል።

የነጭ ውሃዎች ሸንተረር ግን ውሃ አጥሮት የኖረ ከተማ ተሸክሟል። በ1886 ወርቅ ሲገኝ ከተማው የተቆረቆረው ማዕድኑ ባለበት እንጂ ወንዝ ባለበት አይደለም። ሸንተረሩ የውሃ መለያያ ነው፤ በሰሜን ፊቱ የወረደው ዝናብ በሊምፖፖ በኩል ወደ ሕንድ ውቅያኖስ፣ በደቡብ ፊቱ የወረደው በቫልና በኦሬንጅ ወንዞች በኩል ወደ አትላንቲክ ይሄዳል። መለያያ ላይ የተቀመጠ ከተማ የሌሎች ወንዞች መነሻ ነው፤ ለራሱ የሚተርፈው ጥቂት ነው። ከሂልብሮው በስተምሥራቅ የሚመነጨው የዩክስኪ ወንዝ የመጀመሪያ ጉዞውን የሚያደርገው በኮንክሪት ሥር ነው። ስለዚህ ከተማው ውሃውን ከታች ወደ ላይ ሲጎትት ኖረ። ራንድ ዋተር የተባለው የውሃ ድርጅት በ1903 ተመሠረተ፤ በ1920ዎቹ ከቫል ወንዝ መሳብ ጀመረ፤ ቫል ሳይበቃ ሲቀር ከሌሶቶ ተራሮች በዋሻ የሚመጣ ውሃ በ1998 ደረሰ።

ወርቁ ያተረፈው ነገር የሚታየው ደግሞ እዚያው የአንድ ቀን ጉዞው መስመር ላይ ነው። ማዕድን ማውጫዎቹ ሥራ ላይ ሳሉ ከጉድጓዳቸው ውሃ እየሳቡ ያስወጡ ነበር። በምዕራባዊው የማዕድን ተፋሰስ ሥራው ተቋርጦ ፓምፖቹ ሲቆሙ ባዶው መሬት ቀስ በቀስ ሞላ። በድንጋዩ ውስጥ ያለው ፓይራይት ከአየርና ከውሃ ጋር ሲገናኝ አሲድ ይሆናል፤ አሲዱም ብረትንና ሌሎች ማዕድናትን እያሟሟ ይወጣል። በ2002 ይህ ውሃ ክሩገርስዶርፕ አጠገብ ካሉ አሮጌ ጉድጓዶች ወደ ላይ ፈሰሰ፤ ትዊሎፒ በተባለው ጅረት በኩልም ወደ እንስሳት ጥብቅ ስፍራው ገባ። ጎብኚዎች ጉማሬ ለማየት የሚመጡበት ቦታ ለአንድ መቶ ዓመት ሳይከፈል የቆየ የማዕድን ዕዳ መቀበያ ሆነ። ማዕድን አውጪዎቹ ትርፋቸውን ባሰሉበት ዘመን ይህ ወጪ በማንም መዝገብ ላይ አልሰፈረም። በ2011 መንግሥት የማጣሪያውን ሥራ የሰጠው ትራንስ ካሌዶን ለተባለው የዋሻ ባለሥልጣን ነው፤ ይህ በ1986 የሌሶቶን ውሃ ለማምጣት የተቋቋመው ድርጅት ነው። አንድ ተቋም በአንድ እጁ ንጹሕ ውሃ ከውጭ ይገዛል፣ በሌላው እጁ የራስን መሬት ውሃ ያጸዳል፤ የሁለቱንም ሒሳብ ከሚከፍሉት መካከል የቧንቧ ደንበኛው አለ።

ከዚህ ጋር የጢስ ዓባይን ታሪክ ጎን ለጎን ማንበብ ይጠቅማል። ከባሕር ዳር ወደ ፏፏቴው ያለው ርቀትም ሠላሳ ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ እሱም የአንድ ቀን ጉዞ ነው። መንገደኛው በአሥራ ሰባተኛው ክፍለ ዘመን የተሠራውን የአላታ ድንጋይ ድልድይ ተሻግሮ ወደ መመልከቻው ይወጣል። የጉብኝቱ ታሪክ ረጅም ነው፤ ፖርቱጋላዊው ኢየሱሳዊ ጄሮኒሞ ሎቦ ከሚወርደው ውሃ ጀርባ ባለው ዓለት ሥር መቀመጡን ጽፎ ነበር። በ1770 ፏፏቴውን ያየው ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ ግን ይህን ፈጽሞ ሊሆን የማይችል ውሸት አለው። ሁለቱም እውነት ተናግረው ሊሆን ይችላል፤ ጢስ ዓባይ በነሐሴና በግንቦት አንድ ፏፏቴ አይደለምና። ከክረምት በኋላ እስከ አራት መቶ ሜትር የሚሰፋው መጋረጃ በበጋ መጨረሻ ወደ ጥቂት ክሮች ይቀንሳል።

በዚህ የወቅት ልዩነት ላይ የሰው እጅ ተጨመረበት። በ1964 ለባሕር ዳርና ለጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካዋ መብራት የሚሰጥ አነስተኛ ጣቢያ ከፏፏቴው አጠገብ ተሠራ። በ1990ዎቹ አጋማሽ ዓባይ ከጣና በሚወጣበት ቦታ የጨራጨራ መቆጣጠሪያ ግድብ ቆመ፤ በ2001 ደግሞ 73 ሜጋዋት የሚያመነጨው ሁለተኛው የጢስ ዓባይ ጣቢያ ሥራ ጀመረ። ብዙዎች ሐይቁ ስለተገደበ ውሃው ቀነሰ ይላሉ፤ አሠራሩ ከዚህ የተለየ ነው። ጨራጨራ የክረምቱን ውሃ አቆይቶ በበጋ የሚለቅ በመሆኑ፣ በደረቁ ወራት ከሐይቁ የሚወጣው ውሃ ከተፈጥሯዊው ይልቅ ጨምሯል። ነገር ግን ውሃው ከፏፏቴው በላይ ወደ ጣቢያዎቹ ቦይ ስለሚጠለፍ ከገደሉ አናት አይደርስም፤ ከታች ተርባይን አዙሮ ወደ ወንዙ ይመለሳል። የውጭ ጎብኚ በብዛት የሚመጣውም፣ ኃይል ማመንጫው የተጠራቀመ ውሃ አጥብቆ የሚሻውም በእነዚያው ደረቅ ወራት ነው።

በ2010 ታሪኩ ሌላ አቅጣጫ ያዘ። የ460 ሜጋዋቱ ጣና በለስ ጣቢያ በግንቦት 2002 ዓ.ም. ተመረቀ፤ ውሃውን የሚወስደው በዋሻ በቀጥታ ከሐይቁ ነው። ያ ውሃ ጢስ ዓባይን ሳያይ በበለስ ወንዝ ዞሮ ከሱዳን ድንበር በፊት ከዓባይ ጋር ይገናኛል። ሁለቱ አሮጌ ጣቢያዎች በአመዛኙ ወደ መጠባበቂያነት ወረዱ። የአንድ ብር ኖትም በዚያው 2002 ዓ.ም. በተጻፈበት ሳንቲም መተካት ጀመረ፤ በሳንቲሙ ላይ ያለው ምስል ሚዛን ነው።

ውሳኔው በራሱ ስሕተት ነበር ማለት ይከብዳል። አብዛኛው ሕዝብ መብራት በማያገኝበት አገር፣ አንድ ሊትር ውሃ በገደል ላይ ከመውረድ ይልቅ በተርባይን ውስጥ ቢያልፍ የሚያስገኘው ጥቅም በቀላሉ ይበልጣል። ችግሩ ሚዛኑ አንድ ጎን ብቻ የነበረው መሆኑ ነው። ኪሎዋት ሰዓት ቆጣሪ አለው፤ የፏፏቴ ወርድ የለውም። ጎብኚው ትኬት የሚቆርጠው ለውሃው ሲሆን ትኬቱን የሚሸጠው አካል ውሃውን አያዝም፤ ውሃውን የሚያዘው አካልም ከትኬቱ አይካፈልም። በመካከል ያሉት የጢስ ዓባይ ከተማ ጀልባ ቀዛፊዎች፣ መንገድ መሪዎችና ጋቢ ሻጮች የገቢያቸውን ምንጭ ያጡት ድርድር ሳይሆን የቴክኒክ ውሳኔ ተደርጎ ነው። የአገር ውስጥ ጥቅም ለአገር ውስጥ ጥቅም ሲለወጥ ተደራዳሪ ወገን የለምና ዋጋ የሚጠይቅ አይኖርም።

ሌሶቶ ተደራዳሪ ወገን ነበረች፤ በደካማ እጅም ቢሆን። ስምምነቱ የተፈረመው በጥቅምት 1986 ነው፤ ከዚያ በፊት በጥር ወር የደቡብ አፍሪካ የድንበር እገዳ ባስከተለው መፈንቅለ መንግሥት የማሴሩ አስተዳደር ተለውጦ ነበር። ቢሆንም የውሃው ዋጋ የተሰላበት ዘዴ አስተማሪ ነው። ስሌቱ የተነሣው ውሃው ደቡብ አፍሪካን ምን ያህል ወጪ ያድናታል ከሚለው ነው፤ ከኦሬንጅ ወንዝ በራሷ ግዛት ውስጥ ብትስብ ከምታወጣው ጋር ያለው ልዩነት ተሰልቶ 56 በመቶው ለሌሶቶ ሆነ። ውሃው በመንገዱ የሙኤላን 72 ሜጋዋት ጣቢያ ያንቀሳቅሳል፤ ከሁለተኛው የጢስ ዓባይ ጣቢያ ጋር እኩል ማለት ይቻላል። በ2000ዎቹ መጀመሪያ ደግሞ ከግድቦቹ በታች የሚለቀቀውን አነስተኛ ፍሰት የሚወስንና በወንዙ መቀነስ ለተጎዱ ማኅበረሰቦች ካሳ የሚሰጥ ፖሊሲ ተቀረጸ። ከመሬታቸው የተነሡት የባሶቶ ገበሬዎች ካሳው በቂ አልነበረም ብለው ለዓመታት ተከራክረዋል፤ ክርክሩ ግን የሚካሄደው መጠኑ በተጻፈ ነገር ላይ ነው። የጢስ ዓባይ ቀዛፊ ይህ የለውም።

ከሌሶቶ የመጣው ውሃ በመጨረሻ ለማን ምን ያህል ይደርሳል የሚለው ጥያቄም ወደ ሂልብሮው ጫፍ ተመልሶ መጣ። ጋንዲና ማንዴላ የታሰሩበት አሮጌው ምሽግ ከሰፈሩ ጋር የሚዋሰን ኮረብታ ላይ ነው፤ የሕገ መንግሥት ፍርድ ቤቱም ከ2004 ጀምሮ የሚያስችለው እዚያው ነው። በ2009 የሶዌቶ ፊሪ ነዋሪዎች ከተማው ቅድመ ክፍያ ቆጣሪ በመትከሉና ነፃውን ውሃ በቤተሰብ በወር ስድስት ሺህ ሊትር፣ ይኸውም በአንድ ሰው በቀን 25 ሊትር በሚል ስሌት በመወሰኑ ያቀረቡት ክስ በዚህ ችሎት ተሰማ። ከፍተኛው ፍርድ ቤት መጠኑን ወደ 50 ሊትር አሳድጎት ነበር፤ የሕገ መንግሥት ፍርድ ቤቱ ግን ቁጥር መወሰን የመንግሥት ሥራ ነው፣ የከተማው ፖሊሲም ምክንያታዊ ነው ብሎ ነዋሪዎቹን ረታባቸው። አስጎብኚዎች እንግዶቻቸውን ወደዚያ ኮረብታ የሚያወጡት የእስር ቤቱን ክፍሎች ለማሳየት ነው። ከግንቡ አናት በጠራ ቀን ሸንተረሩ ወደ ምዕራብ፣ ወደ ፏፏቴውና ወደ ንስሮቹ አቅጣጫ ሲዘረጋ ይታያል፤ በሌሶቶ ተራሮች ደግሞ የሁለተኛው ምዕራፍ የፖሊሃሊ ግድብ እየተገነባ ነው።