አለቃ ገብረ ሐና፣ አንድ የካምብሪጅ ቄስና የእኛ ኮት



ባለፈው ክረምት እዚህ ቆቦ የቤተ ክርስቲያናችን ወጣቶች አንድ አጭር ድራማ ጽፈው፣ ተለማምደው አሳዩን። በድራማው ውስጥ ዘይት በጠርሙስ እየሸጠ የሚዞር ሰባኪ አለ። አንድ ገበሬ ማሽላውን ተምች በልቶበት ሊጸልዩለት ይመጣል፤ ሰባኪው ደግሞ «ጥፋቱ የአንተ ነው፤ ዘርህን ማሳ ላይ ከምትዘራ እኔ ኪስ ውስጥ ብትዘራው ተምች አያገኘውም ነበር» ይለዋል። ልጆቹ ይስቃሉ። እኛና ሽማግሌዎቹ ግን አልሳቅንም። ኤፌሶን ምዕራፍ 5ን ጠቅሰን፣ ሐዋርያው ስለ ዋዛ የተናገረውን አስታውሰን፣ ድራማው በመድረክ እንዳይቀርብ ከለከልን። ልጆቹም አንገታቸውን ደፍተው ወጡ።

ነገሩ ግን አልለቀቀንም። በዚያው ሰሞን ስለ አንድ የእንግሊዝ ቄስ ስናነብ፣ ከልጅነታችን ጀምሮ የሰማናቸው የአለቃ ገብረ ሐና ጨዋታዎችም አብረው ይመጡብን ጀመር። ዛሬ ይህንኑ እናካፍላችሁ።

ቄሱ ጆን ኢቻርድ ይባላል፤ የካምብሪጅ መምህር ነበር። በ1670 እ.ኤ.አ. ስሙን ሳይገልጽ በደብዳቤ መልክ አንዲት ትንሽ መጽሐፍ አሳተመ። ርእሷ ወደ እኛ ቋንቋ ሲመለስ «ቀሳውስትና ሃይማኖት የተናቁበት መነሻና ምክንያት» እንደ ማለት ነው። ጊዜው እንግሊዝ ከደም ገና ያልደረቀችበት ነበር። በ1649 ንጉሣቸውን አንገቱን ቀልተው ነበር፤ በ1660 የንጉሡ ልጅ ወደ ዙፋኑ ተመለሰ፤ በ1662 በወጣው ሕግ ደግሞ ለመንግሥት ቤተ ክርስቲያን ሥርዓት አንገዛም ያሉ 2,000 ያህል አገልጋዮች ከመድረካቸው ተባረሩ። እነ ሪቻርድ ባክስተር የተገፉት ያኔ ነው። ኢቻርድ መጽሐፉን ሲያሳትም ጆን በንያን እስር ቤት ነበር። ኢቻርድ ራሱ ከአሸናፊው ወገን ስለ ነበረ፣ የተባረሩትን ብቻ እየቀለደባቸው ተመችቶት መኖር ይችል ነበር። እርሱ ግን ጣቱን ወደ ገዛ ቤቱ ቀሰረ።

ካህን የተናቀው በሁለት ነገር ነው አለ፤ አንዳንዱ ባለማወቁ፣ አንዳንዱ በድህነቱ። ባለማወቅ ሲል ያልተማረውን ብቻ አይደለም። ይልቁን ተምሮ የማይጠቅመውን ነው የሚያሳየን፤ ለገበሬ ጉባኤ ላቲንና ግሪክ የሚደረድረውን፣ አንድ ምሳሌ ከያዘ በኋላ ጉባኤውን ሁሉ መርከብ ላይ አሳፍሮ ወደብ ሳያደርስ የሚቀረውን። ስለ ድህነቱም ሲጽፍ ሳቁ ምሬት አለበት። በዓመት 20 ወይም 30 ፓውንድ የሚያገኝ፣ ልጆች የሞሉበት ቄስ ሐሳቡ ከመጽሐፍ ይልቅ የሚበላው ላይ ነው፤ እንዲህ ያለውን ሰው ባለጸጋው እንዴት ያከብረዋል ይላል።

እዚህ ላይ መጽሐፉን አጥፈን ትንሽ ተቀመጥን። እኛ ከነገረ መለኮት ኮሌጅ ተመርቀን የመጣን ሰሞን፣ በመጀመሪያው እሁድ ስብከታችን የግሪክኛ ቃል በግሪክኛ ቃል ላይ ስንከምር ዋልን። ስንጨርስ በር ላይ አንዲት እናት እጃችንን ይዘው «አብሽር ልጄ» አሉን፤ «ዛሬ ለግሪኮቹ አቀረብህላቸው፤ የእኛን ደግሞ ለሚመጣው እሁድ ታቀርብልናለህ።» ኢቻርድ በሙሉ መጽሐፍ ያለውን እኚያ እናት ደጃፍ ላይ ጨረሱት። ድህነቱንም አናጣውም። በራያ ቆላ ካሉት አገልጋይ ወንድሞቻችን መካከል ከሰኞ እስከ ዓርብ ማሽላ ሲኮተኩት ሰንብቶ፣ ቅዳሜ ማታ በኩራዝ መጽሐፍ ቅዱሱን የሚገልጥ አለ።

ኢቻርድ ቤተ ክርስቲያን ላይ ብቻ አላቆመም። በ1672 ንጉሥ ያልተገደበ ሥልጣን ይኑረው የሚለውን ፈላስፋ ቶማስ ሆብስን በጭውውት መልክ በጻፈው መጽሐፍ ተሳለቀበት። ሆኖም ራሱም ትችት አላመለጠም። እርሱ ከሞተ በኋላ ታላቁ ተሳላቂ ጆናታን ስዊፍት፣ እርሱም ካህን ነበር፣ ኢቻርድ በቀልድ የተዋጣለት ቁም ነገር ሲጀምር ግን የሚደነዝዝ ሰው ነው ብሎ ጻፈበት። ይህን ነጥብ ያዙልን፤ እንመለስበታለን።

ያ መጽሐፍ ለንደን ላይ ሲሸጥ እኛ አገር የዐፄ ዮሐንስ ቀዳማዊ ዘመን ነበር። ጎንደር ላይ ሊቃውንቱ ስለ ክርስቶስ መቀባት በጎራ ተከፍለው ይከራከሩ ነበር። ማተሚያ ቤት አልነበረንም፤ የካህን ሽሙጥ ግን ማተሚያ ቤት አላስፈለገውም፤ ቅኔ ነበረልን። ሊቁ በንጉሥና በአቡን ፊት ቆሞ ቅኔ ሲያፈስ ሰሙ ምስጋና ነው፤ ወርቁን ግን የገባው ይፈራዋል። አለቃ ገብረ ሐና የወጡት ከዚህ ትምህርት ቤት ነው። የፎገራ ሰው ናቸው፤ በጎንደር በአታ ያስተማሩ፣ ፍትሐ ነገሥት ሳይቀር የሚተረጉሙ መምህር ነበሩ። እኛ ግን ቁም ነገራቸውን ትተን ቀልዳቸውን ብቻ ወረስን።

የኖሩበት ዘመን ለቀልደኛ አይመችም ነበር። ዐፄ ቴዎድሮስ በ1855 እ.ኤ.አ. ነገሡ፤ ከካህናቱም ጋር በመሬት ተጣሉ። መሬቱን ሁሉ እናንተ ከያዛችሁት እኔ ምን ልብላ፣ ወታደሬንስ ምን ላብላው ቢሏቸው፣ ካህናቱ እንደ ቀድሞው ከአገር አገር እየተዘዋወሩ ይብሉ ብለው መለሱላቸው ይባላል። ወንጌል አገልጋይ ሆነን ይህን ስናነብ እናፍራለን፤ መሬቱን የያዘው ካህን ገበሬው በወታደር እንዲበላ ሲፈርድ አንድ ቀን እንኳ አላሰበም። በ1860 ንጉሡ ለአንድ ደብር ሁለት ቄስና ሦስት ዲያቆን ይበቃል ብለው የቀረውን መሬት ወሰዱ። በ1866 ጎንደርንና አብያተ ክርስቲያናቷን አስዘርፈው አቃጠሉ። እንዲህ ባለ ንጉሥ ዘመን አንደበቱን የማይገታ ሰው ዕድሜው አጭር ነው። አለቃም ከንጉሡ ጋር ተጋጭተው ወደ ጣና ደሴቶች እንደ ሸሹ ይተረካል።

በደሴቱም ዝም ብለው አልተቀመጡም። የሐይቁን ማዕበልና የደንገሉን መወዛወዝ እያዩ አዲስ የአቋቋም ሥርዓት እንዳወጡ፣ ልጃቸው ተክሌም በደብረ ታቦር እንዳስፋፋው፣ ስሙም ከዚያ የተነሣ «የተክሌ አቋቋም» እንደ ተባለ የቤተ ክህነት ሰዎች ይናገራሉ። እኛ የምንዘምረው በሌላ መንገድ ነው፤ ነገር ግን ስዊፍት ኢቻርድን የከሰሰበት ክስ በእኚህ ሰው ላይ እንደማይሠራ ማየት አያዳግተንም። በቤቱ ላይ የቀለዱት ለቤቱ ሠርተው ነው።

ጨዋታቸው ሁሉ ግን ወደ ላይ የተወረወረ አልነበረም። በስማቸው ከሚነገሩት አንዱን ታውቁታላችሁ። አህያ የሚነዱ ሴቶች መንገድ ላይ አግኝተው፣ የአህያ እናቶች እንደምን አደራችሁ ቢሏቸው፣ ሴቶቹ ሳይዘገዩ ደህና ነን ልጃችን ብለው መለሱላቸው። ቆቦ ገበያ ቀን በሌሊት ተነሥተው ማሽላ ጭነው የሚመጡትን እናቶች ለሚያውቅ ሰው ቀልዱ የተነሣው በደካማ ላይ ነው፤ የተመለሰው ግን በሊቁ ላይ ነው። ሕዝቡ ይህን ጨዋታ ከአለቃ ስም ጋር አያይዞ ማቆየቱ ደስ ይለናል፤ የሚቀልድ ሰው ሲቀለድበትም መቻል እንዳለበት ያውቅ ነበርና።

በዚያው ዘመን ለእኛ ለወንጌላውያን ይበልጥ የሚቀርብ ሌላ ሰው አለ። ደብተራ ዘነብ የዐፄ ቴዎድሮስን ታሪክ በግዕዝ ሳይሆን በአማርኛ የጻፉ፣ ከስዊስ ክሪሾና ተልከው ከመጡት ወንጌላውያን ሚሲዮናውያን ጋርም የተቀራረቡ ሊቅ ናቸው። እኚህ ሰው የጻፉት ሌላው መጽሐፍ «መጽሐፈ ጨዋታ ሥጋዊ ወመንፈሳዊ» ይባላል። ርእሱን ልብ በሉልን፤ ጨዋታ ሆኖ መንፈሳዊ። እኛ ዋዛና ጨዋታን አንድ አድርገን ልጆቹን ስንከለክል እኚህ አባት ልዩነቱን አስቀድመው ያውቁት ነበር። ደግሞስ ኤልያስ በቀርሜሎስ የበኣልን ነቢያት ምን አላቸው? ኢዮአታም በገሪዛን ተራራ ላይ ዛፎቹን ንጉሥ ፍለጋ ሲልክ ምን ማለቱ ነበር? ጌታችንስ ትንኝ አጥልሎ ግመል የሚውጠውን ሰው ሲሥል የሰማው ሕዝብ ፊቱን አኮሳትሮ ቆሞ ይሆን?

አሁን የቀረውን እውነት እንንገራችሁ። ድራማውን የከለከልነው በኤፌሶን 5 ምክንያት አልነበረም። ሰባኪውን የሚጫወተው ልጅ የለበሰው ግራጫ ኮት ነበር፤ ከላይ ሁለተኛው ቁልፍ የለውም። የእኛ የእሁድ ኮትም ግራጫ ነው፤ ከላይ ሁለተኛው ቁልፍ ከወደቀ ሁለት ዓመት ሆኖታል። እኛ ዘይት ሸጠን አናውቅም። ግን ባለፈው ዓመት ለጣሪያ ቆርቆሮ ገንዘብ ስናሰባስብ፣ ዝናብ ከቀረባቸው ገበሬዎች ፊት ቆመን ስለ ዘር መዝራት ሰብከናል፤ ድምፃችንም ከፍ ብሎ ነበር። ልጆቹ ይህን አስበው ይሁን ሳያስቡ አልጠየቅናቸውም።

ሽማግሌዎቹን ሰብስበን ይህንኑ ነገርናቸው። አንዱ ዝም አሉ፤ ሌላው እስኪያስላቸው ሳቁ። ልጆቹን አስጠርተን ከገና በኋላ ባለው እሁድ ከሰዓት እንዲያቀርቡ ፈቀድንላቸው፤ አንድ ቃልም እንዳይቀንሱ ነገርናቸው። ሊወጡ ሲሉ አንደኛው ልጅ ዞር ብሎ፣ የለበሰው የአጎቱ ኮት ተመልሶ ስለ ተወሰደበት፣ የእኛን ያውሱን እንደሆነ ጠየቀን። ሰጠነው፤ እጅጌው ትንሽ ይረዝምበታል።