ስለ ደብረ ታቦር ብርሃን የተነሣ ክርክር

በየዓመቱ ነሐሴ 13 ቀን የደብረ ታቦር በዓል ሲደርስ ልጆች ሆያ ሆዬ እያሉ ከደጅ ወደ ደጅ ይዞራሉ፥ በዋዜማውም ማታ ችቦ ያበራሉ። ትልልቆቹም ጌታ በተራራው ላይ ለሦስቱ ደቀ መዛሙርት ክብሩን እንደ ገለጠ ያስባሉ። ነገር ግን ያ ብርሃን ምን ዓይነት ብርሃን ነበረ? የሐዋርያትስ ዐይን እንደ ምን አድርጎ ሊያየው ቻለ? በዚህ ጥያቄ ምክንያት ከስድስት መቶ ሰማንያ ዓመት ገደማ በፊት በግሪኮች መንግሥት ጉባኤ ተሰብስቦበታል፥ ሰውም ታስሮበታል፥ ተወግዞበታል። አንባቢ ሆይ፥ ታሪኩ እንዲህ ነው፤ ዘመኑን ግን የምንቈጥረው እንደ ኤውሮፓውያን ነው።

ጎርጎርዮስ ፓላማስ በ1296 ዓ.ም. በቊስጥንጥንያ ከመኳንንት ወገን ተወለደ። አባቱ በልጅነቱ ስለ ሞተበት በንጉሠ ነገሥቱ በዳግማዊ አንድሮኒቆስ ቸርነት አደገ፥ የአርስጣጣሊስንም ፍልስፍና ተማረ። ለሹመት የታሰበው ብላቴና ግን ሃያ ዓመት ያህል በሆነው ጊዜ ሁሉን ትቶ ወደ አቶስ ተራራ ሄዶ መነኰሰ። በዚያ የነበሩ መነኮሳት በጸጥታ የሚጸልዩት ልዩ ሥርዓት ነበራቸው። አንገታቸውን ደፍተው፥ እስትንፋሳቸውን ገትተው፥ የኢየሱስን ስም በአጭር ቃል ሳያቋርጡ ይጠራሉ፤ ልባቸውም የነጻ እንደ ሆነ በታቦር የታየውን ብርሃን ለማየት እንበቃለን ይሉ ነበር።

በዚያው ዘመን ከደቡብ ኢጣልያ ከካላብርያ የመጣ በርለዓም የሚባል መነኩሴ በቊስጥንጥንያ ነበረ፤ እርሱም በፍልስፍናና በከዋክብት ትምህርት የታወቀ ሰው ነው። የመነኮሳቱን ነገር በሰማ ጊዜ ነፍሳቸውን በእንብርታቸው ያኖሩ ሰዎች ናቸው ብሎ ዘበተባቸው። ክርክሩ ግን የዘበት ብቻ አልነበረም። እግዚአብሔር ከመታየት በላይ ነው፤ ዐይን የሚያየው ሁሉ ፍጡር ነው፤ ስለዚህ በታቦር የታየው ብርሃን ለጊዜው ተፈጥሮ ያለፈ ምልክት ነው እንጂ አምላካዊ ብርሃን ሊሆን አይችልም አለ። ይህንም ማለቱ ፈጣሪ ከፍጡር እንዳይስተካከል ፈርቶ ነውና ነገሩ የሚናቅ አልነበረም።

ጎርጎርዮስም ከ1338 እስከ 1341 ዓ.ም. ሦስት ክፍል ያለው፥ በየክፍሉም ሦስት ሦስት ድርሳን የሚገኝበት መልስ ጻፈ። የእግዚአብሔር ባሕርይ የማይታይና የማይመረመር መሆኑን እርሱም አልካደም። ነገር ግን ባሕርይ ሌላ ነው፥ ከባሕርዩ የሚገለጠው ኃይልና ጸጋ ሌላ ነው፤ ይህም ጸጋ ያልተፈጠረ ነው ብሎ አስተማረ። ነገሩም በፀሐይ ይመሰላል፤ ክበቧን ትኵር ብሎ ለማየት የሚችል የለም፥ ጨረሯ ግን ለሁሉ ይደርሳል፥ ከእርስዋም የተለየ አይደለም።

ከዚህ ሁሉ ይልቅ የሚያስደንቀው ስለ ዐይን የተናገረው ነው። ብርሃኑ አስቀድሞም ከጌታ ጋራ ነበረ፤ በታቦር የተለወጠው የሐዋርያት ዐይን ነው አለ። ያንን ብርሃን የሥጋ ዐይን በራሱ ኃይል አያየውም፥ ልቡናም በራሱ ዕውቀት አይደርስበትም፤ ሰው በጸጋ ሲታደስ ግን ነፍስና ሥጋ በአንድነት ያዩታል። እንግዲህ ማየት የመጽሐፍ ብዛት ሳይሆን የሕይወት ንጽሕና ሥራ ሆነ ማለት ነው።

በ1341 ዓ.ም. በሰኔ ወር በሐግያ ሶፍያ ቤተ ክርስቲያን በንጉሠ ነገሥቱ በሣልሳዊ አንድሮኒቆስ ፊት ጉባኤ ሆነ፤ በርለዓምም ተረትቶ ወደ ኢጣልያ ተመለሰ። ንጉሠ ነገሥቱ ግን በጥቂት ቀን ውስጥ ሞተ፤ ስለ ሕፃኑ ልጁ ሞግዚትነትም እስከ 1347 ዓ.ም. የቈየ የእርስ በርስ ጦርነት ተነሣ። ያን ጊዜ የብርሃን ክርክር ከዙፋን ክርክር ጋራ ተደባለቀ። ጎርጎርዮስ በ1343 ታሰረ፤ ፓትርያርኩ ዮሐንስ ካሌቃስም በ1344 አወገዘው። በ1347 ፓትርያርኩ ተሻረ፥ እስረኛው የተሰሎንቄ ሊቀ ጳጳስ ሆነ፤ ከተማይቱን የያዙት ዐመፀኞች ግን እስከ 1350 አላስገቡትም። በ1351 ሌላ ጉባኤ ትምህርቱን አጸናለት። በ1354 በባሕር ሲጓዝ ቱርኮች ማርከውት አንድ ዓመት ያህል ቈየ፥ በምርኮውም ሳለ ከእስላም ሊቃውንት ጋራ ስለ ሃይማኖት ተነጋገረ። ከሞተም በኋላ በ1368 የቊስጥንጥንያ ቤተ ክርስቲያን ቅዱስ ብላ ሰየመችው። በርለዓምም በአገሩ የጌራቼ ኤጲስ ቆጶስ ሆነ፥ ታላቁንም ባለቅኔ ፔትራርካን የግሪክ ቋንቋ መጀመሪያውን አስተማረው።

የኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን ከ451 ዓ.ም. ከኬልቄዶን ጉባኤ ወዲህ ከቊስጥንጥንያ በተለየው በእስክንድርያ ወገን ነበረችና የዚህ ክርክር ተካፋይ አልሆነችም። ታሪኩ ግን ለእኛም ትምህርት አለበት። ሁለቱም ሰዎች ሊቃውንት ነበሩ፥ ሁለቱም ለእግዚአብሔር ክብር ይቈረቈሩ ነበር። አንዱ ግን የሌላውን ጸሎት ሳይቀምሰው ሳቀበት፤ ከእርሱም በኋላ የመጡት የዙፋኑን ጠብ ወደ ጉባኤው አገቡበት። ዕውር በቀትር ቢቀመጥ ጉድለቱ የፀሐይ አይደለም። ስለዚህ ሰው ያላየውን ነገር የለም ከማለቱ በፊት ዐይኑን ይመርምር፤ አየሁ የሚልም ያየው ብርሃን ለባልንጀራው ያለውን ልብ አብርቶለት እንደ ሆነ ራሱን ይጠይቅ።