ላይክ ራዲካልስ፦ ተመሳሳይ ዳግም ዘሮች

የነገሌ ቦረና ተማሪ እስከ 8ኛ ክፍል ሒሳብን በአፋን ኦሮሞ ይማራል፤ የፊልቱ እኩያው በሶማልኛ ይጀምራል። 9ኛ ክፍል ሲደርሱ ለሁለቱም ትምህርቱ በእንግሊዝኛ ይሆንና «ላይክ ራዲካልስ» የሚባል ነገር ይገጥማቸዋል። ስኩዌር ሩትን በአማርኛ ዳግም ዘር ስለምንለው፣ እነዚህን ተመሳሳይ ዳግም ዘሮች እንበላቸው። ከ√ ምልክት ሥር ያለው አንድ ዓይነት የሆነ ቁሞች ናቸው። ምልክቱን ክሪስቶፍ ሩዶልፍ የተባለ ሰው እ.ኤ.አ. በ1525 ባሳተመው የአልጀብራ መጽሐፍ አስተዋወቀው።

2√3 እና 7√3 ተመሳሳይ ናቸው። ከፊታቸው ያሉት ቁጥሮች ብቻ ይደመሩና 9√3 ይሆናሉ። 2√3 እና 7√5 ግን እንዳሉ ይቀመጣሉ።

ችግሩ መመሳሰሉ ብዙ ጊዜ ተደብቆ መምጣቱ ነው። √12 + √27 የቀረበለት ተማሪ ወይ «አይደመሩም» ብሎ ይተወዋል፣ ወይ 12ንና 27ን ደምሮ √39 ይጽፋል። ሁለቱም ስሕተት ነው።

አንድ የነገሌ ፍየል ነጋዴ ካሬ ቅርጽ ያላቸው ሁለት በረቶች ጎን ለጎን ሊያጥር ነው እንበል፤ የአንዱ ስፋት 12፣ የሌላው 27 ካሬ ሜትር። የፊት ለፊቱ አጥር ርዝመት √12 + √27 ሜትር ይሆናል። 12 ማለት 4 × 3፣ 27 ደግሞ 9 × 3 ነው። 4 እና 9 የ2 እና የ3 ካሬ በመሆናቸው 2 እና 3 ሆነው ከምልክቱ ይወጣሉ፤ ውስጥ የሚቀረው 3 ብቻ ነው። እንግዲህ 2√3 + 3√3 = 5√3፣ ወደ 8.66 ሜትር ነው። √39 ግን 6.24 ሜትር ገደማ ሲሆን፣ የባለ 39 ካሬ ሜትር አንድ በረት ጎን ነው። በዚህ ልክ እሾህ ያስቆረጠ ነጋዴ ከ2 ሜትር በላይ ክፍት ይቀርበታል፤ ጅብ ደግሞ የዚያን ሩብ ካገኘ ይበቃዋል።

ተለዋዋጭ ሲገባም መንገዱ ያው ነው። ሀ ከዜሮ እስካላነሰ ድረስ √(8ሀ) + √(18ሀ) = 2√(2ሀ) + 3√(2ሀ) = 5√(2ሀ)። በ4√ሀ − √ሀ ላይ ብዙዎች «4» ብለው ይመልሳሉ፤ ከሁለተኛው √ሀ ፊት ያልተጻፈ 1 ስላለ መልሱ 3√ሀ ነው። √ሀ እና ሀ ግን ተመሳሳይ አይደሉም፤ በአንዱ ሀ ከምልክቱ ውስጥ ነው፣ በሌላው ውጭ።

አንዳንዴ ምልክቱ ጭራሽ ይጠፋል። √(9ሀ²) + 2ሀ፣ ሀ ከዜሮ ካላነሰ፣ 3ሀ + 2ሀ = 5ሀ ይሆናል። ሀ ከዜሮ ካነሰ ግን √(9ሀ²) ራሱ −3ሀ ነውና መልሱ −ሀ ይሆናል።