እጅ የሚለው ቃል

የስዊድን ሲኒማ በ1960ዎቹ መባቻ የገባበትን ክርክር ሳይመለከቱ የኢንግማር በርግማንን «ዝምታ» መመርመር አይቻልም (ዓመታቱ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው)። በ1962 ወጣቱ ቡ ቪደርበርግ ባሳተመው ጽሑፍ በርግማንን አጥብቆ ነቀፈ፤ ፊልሞቹ ሽቅብ ወደ እግዚአብሔር እንጂ አግድም ወደ ሰው አያዩም ሲል። ነቀፌታው ለኛም ጆሮ የሚጥም ነው፤ በስደት የጥናት ክበቦቻችን ኪነ ጥበብን የመዘንነው በዚሁ ሚዛን ነበርና።

«ዝምታ» በመስከረም 1963 ወጣ። የተነሣው ከስቶክሆልም አጠገብ በሮሱንዳ ስቱዲዮ ሲሆን፣ ርዝመቱ ከአንድ ሰዓት ተኩል ጥቂት ቢበልጥ ነው። ሁለት እኅትማማቾችና አንድ ሕፃን ቋንቋውን በማያውቁት አገር፣ ታንክ በሚያልፍበት ከተማ፣ ሆቴል ያርፋሉ። ታላቂቱ ኤስተር ተርጓሚ ናት፤ ሙያዋ ግን እዚያ አንዳች አይጠቅማትም። (ተርጓሚ ሆኖ አፍ ማጣት! ስደተኛ ለዚህ ሐተታ አያሻውም።) ታናሺቱ አና ከማታውቀው ሰው ጋር ለጥቂት ሰዓት ትገናኛለች፤ ቋንቋ አለመግባባታቸውንም እንደ ዕረፍት ትቆጥረዋለች። በፊልሙ ያለው የሥጋ ግንኙነት ፓርላማ ድረስ ክርክር አስነሣ፤ የአገሩ ሳንሱር ግን ሳይቆርጥ አሳልፎት ነበር።

እኛ የምንቆመው ሌላ ቦታ ላይ ነው። ታማሚዋን ኤስተር የሚያስታምማት የሆቴሉ ሽማግሌ አሳላፊ ነው። የጋራ ቃል የላቸውም። «እጅ» በእርሱ ቋንቋ ምን እንደሚባል ትጠይቀዋለች፤ «ካሲ» ይላታል። ፊት «ናይጎ» ነው። ከሬዲዮ ሙዚቃ ሲሰማ የባኽን ስም ሁለቱም ያውቁታል፤ ለአፍታ የአንድ አገር ሰዎች ይሆናሉ። ኤስተር ለእኅቷ ልጅ የምትሰጠው ውርስ እነዚህን የባዕድ ቃላት የጻፈችበት ወረቀት ነው፤ ልጁም በባቡር ውስጥ ያነበዋል።

አግድም ማየት ይህ ካልሆነ ምን ሊሆን ነው? አሳላፊው ደመወዝ የሚቀበለው ለማስታመም አይደለም። ይሁንና በርግማን ስለዚህ ሠራተኛ ኑሮ አልጠየቀም፤ ስሙን እንኳ አልነገረንም። እዚህ ላይ የቪደርበርግ ነቀፌታ ይጸናል።

የጎደለውን የጎንደሩ ተወላጅ ኃይሌ ገሪማ ሞላው ለማለት እንደፍራለን። ዘውዱ በወደቀበት በ1974 ከአሜሪካ ወደ አገሩ ተመልሶ፣ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን በጥቁርና ነጭ፣ ሙያተኛ ባልሆኑ ተዋንያን፣ በአጭር ጊዜና በጥቂት ገንዘብ አነሣ። በዚያም ንግግር ጥቂት ነው፤ ካሜራው የገበሬውን ቤተሰብ የዕለት ድካም ከጎህ ጀምሮ በትዕግሥት ይከተላል። ልዩነቱ ቋንቋው የጋራ መሆኑ ነው። ባለርስቱና ጭሰኛው አንድ አፍ ይናገራሉ፤ በመካከላቸው የሚመላለሰው ግን ትእዛዝ ነው። የጭሰኛው ልጅ የባለርስቱን ላም ለማዳን ስትል ጎርፍ ይወስዳታል።