ማስረጃ የሌለው ቅርስ፦ ከዕቃ ቤት እስከ መርካቶ

ስለ ቅርስ ስርቆት ሲጻፍ ጣት የሚቀሰረው በሌባው ላይ ነው። ስርቆቱን አትራፊ የሚያደርገው ግን «ከየት መጣ?» ብሎ የማይጠይቀው ገዢ ነው።

7 ኪሎ ያህል የሚመዝነው የላሊበላው አፍሮ አይገባ መስቀል በ1989 ዓ.ም. ከቤተ መድኃኔዓለም ተሰርቆ ቤልጅግ ተገኘ። በ1993 ዓ.ም. ሲመለስ ገዢው ያወጣው 25,000 ዶላር ተከፍሎታል፤ የተሰረቀባት አገር ካሣ ከፋይ ሆነች ማለት ነው። መስቀሉን ያተረፈው ዝናው ነው፤ ሰው ሁሉ የሚያውቀውን ዕቃ ደብቆ መሸጥ ያስቸግራል። ስሙ ከአጥቢያው ያልወጣ ዳዊት ወይም ገድል ግን ይህ ዕድል የለውም።

እንዲህ ያለው ዕቃ በገበያ ውስጥ እንዴት ሊሰወር እንደሚችል ለማየት መርካቶን ማንሣት ተገቢ ነው። ጣሊያን በወረራው ዘመን የአገሬውን ገበያ ከአራዳ ነጥሎ ያቋቋመው ይህ ሰፈር ለየሸቀጡ ተራ አለው። ምናለሽ ተራ አሮጌውን ቆርቆሮና ብረት አዲስ ዕቃ ያደርገዋል። የጥንታዊ ዕቃ ንግድ የሚሠራው ግልባጩን ነው፦ ትናንት የተጻፈ ብራና በጭስ ጠቁሮ የዘመናት ዕድሜ ይሰጠዋል። ነጋዴውን ሁሉ መወንጀል አይገባም፤ አብዛኛው ለጎብኚ የተሠራ የእጅ ሥራ ይሸጣል። አደጋው አዲሱና እውነተኛው ጥንታዊ ዕቃ መቀላቀላቸው ነው፤ ሐሰተኛው ጥንታዊ ተብሎ ሲሸጥ እውነተኛው «የቱሪስት ዕቃ» ተብሎ ኬላ ሊያልፍ ይችላል።

ስግብግብነቱ የነጋዴ ብቻ እንዳይመስለን። በ1860 ዓ.ም. ከእንግሊዝ ጦር ጋር መቅደላ የወጣው የብሪትሽ ሙዚየም ባለሙያ ሪቻርድ ሆልምስ ኩርዓተ ርእሱ የተባለውን ሥዕል ለላከው ተቋም አላስረከበም፤ ለራሱ አስቀረው። የተማረ ሰው ነበር!

በአንጻሩ የጨለቆት ሥላሴ ቤተ ክርስቲያንን ዘውድ ሮተርዳም ውስጥ ያገኙት አቶ ሲራክ አስፋው ለ21 ዓመታት ያህል ሸሽገው ጠብቀው ለአገሩ አበቁት፤ በየካቲት 2012 ዓ.ም. ተመለሰ። የዘውዱን ማንነት ለመለየት ከረዱት አንዱ ቄስ ደፍተውት የተነሡት የቆየ ፎቶግራፍ ነው።

አዋጅ ቁጥር 209/1992 ቅርስ ያለ ፈቃድ ከአገር እንዳይወጣ ይከለክላል። ሆኖም ከየትኛው ደብር እንደወጣ ማሳየት ያልተቻለን ብራና ፖሊስ ቢይዘው እንኳ ለማን ይመልሰዋል? ስለዚህ ሀገረ ስብከቶችና የባህል ቢሮዎች ከፍተሻው ኬላ በፊት ከዕቃ ቤቱ ይጀምሩ፤ ገበዙ ቁልፉን ሲረከብ በፎቶግራፍ የተደገፈ መዝገብም ይረከብ፤ የመዝገቡ ቅጂ ከደብሩ ውጭ ይቀመጥ።