ለማየት የወጣች መርከብ

ከመካከላችሁ ባሕር ዳር ሄዶ በጣና ላይ በጀልባ የተንሸራሸረ አይጠፋም። ጠዋት ትነሣላችሁ፤ አንድ ሁለት ደሴት ታያላችሁ፤ ፎቶ ታነሣላችሁ፤ ለምሳ ትመለሳላችሁ። በቀይ ባሕር ዳርቻም እንዲሁ ነው። በምጽዋና በጅቡቲ ለዘመናት ዕቃ ሲያመላልሱ የኖሩት፣ ሳምቡክ የሚባሉት የእንጨት ጀልባዎች ጎብኚ ጭነው በአቅራቢያ ወዳሉት ደሴቶች ይወጣሉ። ብዙዎቹ ዛሬ ከሸራው ይልቅ በሞተር ይሄዳሉ። የእንዲህ ያለ ጉዞ ዓላማ ማየት ብቻ ነው። አገር ማየት ደግሞ ደስ የሚል ነገር ነው፤ ኃጢአት የለበትም።

ዛሬ የማወራችሁ ስለ አንድ እንዲህ ያለ ጉዞ ነው። ከ1,700 ዓመት ገደማ በፊት አንድ ሰው አገር ለማየት ብሎ በሸራ መርከብ ተሳፈረ። እርሱ ወደ ቤቱ አልተመለሰም። የክርስቶስ ስም በአክሱም ቤተ መንግሥት ሥር የሰደደው ግን ከዚያ ጉዞ የተነሣ ነው። ፍሬምናጦስ የሚለውን ስም ሁላችሁም ሰምታችሁታል፤ አባ ሰላማ ከሣቴ ብርሃን የሚባለው እርሱ ነው። ስሙን የምናውቀውን ያህል ጉዞውን አናውቀውም።

ታሪኩን የጻፈልን ሩፊኖስ የሚባል የቤተ ክርስቲያን ታሪክ ጸሐፊ ነው። የጻፈው እ.ኤ.አ. በ400 ግድም፣ በላቲን ቋንቋ ነው። ከሰው ሰው የተቀባበለ ወሬ እንዳይመስለን ከባለ ታሪኮቹ ከአንዱ አፍ እንደ ሰማው ይነግረናል። እርሱ እንደሚለው በጢሮስ ከተማ ሜሮጵዮስ የሚባል ፈላስፋ ነበር። ጢሮስን ከመጽሐፍ ቅዱስ ታውቋታላችሁ። ነቢዩ ሕዝቅኤል በምዕራፍ 27 በተዋበች መርከብ የመሰላት ከተማ ናት። በሐዋርያት ሥራ 21 ጳውሎስ ከደቀ መዛሙርት፣ ከሚስቶቻቸውና ከልጆቻቸው ጋር በባሕሩ ዳር ተንበርክኮ የጸለየውም እዚያው ነው።

ሜሮጵዮስ፣ ሜጥሮዶሮስ የተባለ ሌላ ፈላስፋ ሩቅ አገሮችን ዞሮ ማየቱን ሰማና ቀና። ነጋዴ አልነበረም፤ የንጉሥ መልእክተኛም አልነበረም። ማየትና ማወቅ ነው የፈለገው። ሲነሣም ዘመዶቹ የሆኑትንና እርሱ ራሱ የሚያስተምራቸውን ሁለት ልጆች ይዞ ሄደ። ታላቁ ፍሬምናጦስ፣ ታናሹ ኤዴስዮስ ይባላሉ።

በዚያ ዘመን በቀይ ባሕር ላይ መጓዝ ማለት ነፋስ መጠበቅ ማለት ነበር። በባሕሩ ሰሜናዊ ክፍል ነፋሱ ዓመቱን ሙሉ በአብዛኛው ከሰሜን ይመጣል። በደቡባዊው ክፍል ግን ከጥቅምት እስከ ግንቦት ግድም ከደቡብ፣ በክረምት ደግሞ ከሰሜን ይነፍሳል። ስለዚህ ከግብፅ ወደቦች ወደ ደቡብ መውረድ ይቀላል፤ ጭንቁ መመለሱ ላይ ነው። ከሕንድ ውቅያኖስ የሚመለስ መርከብ በደቡብ ነፋስ እየተገፋ ባብ ኤል መንደብን ያልፋል፤ ባሕሩን ካጋመሰ በኋላ ግን ነፋሱ ፊት ለፊት ይገጥመዋል። ያኔ ቀኑ ይረዝማል፤ ውኃውም ያልቃል። ዳርቻው ደግሞ ደረቅና ከውኃ በታች በተደበቀ ዐለት የታጠረ ስለ ሆነ፣ መርከብ የትም ቆማ ውኃ መቅዳት አትችልም። ወደ ታወቀ ወደብ መጠጋት ግድ ነው።

የዚያ ባሕር ጀልባዎችም የራሳቸው ጠባይ ነበራቸው። ፕሮኮፒዮስ የተባለ የ6ኛው መቶ ዘመን ጸሐፊ ሳንቃዎቻቸው በብረት ሚስማር እንደማይመቱ፣ በገመድ እንደሚሰፉ ጽፏል። በዘመኑ ብዙ ሰዎች ምክንያቱን ሲያስረዱ፣ በባሕሩ ውስጥ ብረት የሚስብ ድንጋይ ስላለ ነው ይሉ ነበር። ፕሮኮፒዮስ ግን ይህን ተረት አልተቀበለም። ብረት ያለባቸው የሮማውያን መርከቦች በዚያው ባሕር ምንም ሳይሆኑ ይመላለሳሉ፤ ጀልባ የሚሰፋው ብረት ስለማይገኝ ነው አለ። የሰማችሁትን ሁሉ እንዳታምኑ፣ እንዲህ መርምሩ።

ሜሮጵዮስ ያሰበውን አይቶ፣ የፈለገውን አውቆ ወደ አገሩ መመለስ ጀመረ። መርከቢቱም ውኃና ስንቅ ፍለጋ ወደ አንድ ወደብ ተጠጋች። ሩፊኖስ ወደቡን በስም አይጠራውም፤ የሆነውን ግን ይነግረናል። በዚያ ሰሞን የአገሩ ሕዝብ ከሮማውያን ጋር የነበረው ውል ፈርሶ ነበር። ውል ሲፈርስ ደግሞ በእጃቸው የገባውን ሮማዊ ሁሉ የመግደል ልማድ ነበራቸው። መርከቢቱ ተወረረች። ፈላስፋው ተገደለ፤ አብረውት የነበሩትም አለቁ።

እዚህ ላይ ቆም እንበል። ይህን ታሪክ ስንተርክ ብዙ ጊዜ “መርከባቸው ተሰብሮ” ብለን እናልፋለን። ሩፊኖስ ግን የማዕበል ታሪክ አልጻፈም። ባሕሩ በደኅና ያደረሳቸውን መንገደኞች የገደላቸው ሰው ነው፤ ገዳዮቹም የእኛው ባሕር ዳርቻ ሰዎች ነበሩ። ስለ እንግዳ ተቀባይነታችን ብዙ እናወራለን፤ ደግሞም እውነት አለው። ወንጌል የደረሰን ግን ስለ ደግነታችን አይደለም። ውኃ ሊቀዱ የቆሙትን በሰይፍ በተቀበልን ጊዜ ነው የደረሰን። ጸጋ የምንለውን ቃል ማስተማር ሲያቅተኝ ወደዚህ ታሪክ እመለሳለሁ።

ሁለቱ ልጆች በዚያ ሰዓት ከአንድ ዛፍ ሥር ተቀምጠው ትምህርታቸውን ያጠኑ ነበር። ያገኟቸው ሰዎች አዘኑላቸውና ወደ ንጉሡ ወሰዷቸው። ንጉሡ ኤዴስዮስን ጠጅ አሳላፊ አደረገው። ፍሬምናጦስን ብልህነቱን አይቶ የሒሳቡና የጽሕፈቱ ኃላፊ አደረገው። መምህራቸው ሞቷል፤ ቤታቸው ሩቅ ነው፤ የሚያገለግሉት የመምህራቸውን ገዳዮች ንጉሥ ነው። የዮሴፍን ታሪክ የምታውቁ ሁሉ ይህ ምን ያህል እንደሚከብድ ይገባችኋል።

ንጉሡ ሲሞት ወደ ወደዱት እንዲሄዱ ነጻ ለቀቃቸው። ንግሥቲቱ ግን አልጋ ወራሹ ገና ሕፃን ስለ ነበር፣ እስኪያድግ ድረስ መንግሥቱን በማስተዳደር እንዲያግዟት ለመነቻቸው። ቆዩ። ፍሬምናጦስም ሥልጣን በእጁ በገባ ጊዜ ምን አደረገ? ወደ ገበያ ሰዎች ዞረ። ከሮም ግዛት ለንግድ ከሚመጡት መካከል ክርስቲያኖችን ፈልጎ አገኘ፤ በየቦታው እየተሰበሰቡ እንዲጸልዩ መከራቸው፤ የመሰብሰቢያ ስፍራም ሰጣቸው።

ይህን ለእናንተ ለመርካቶ ልጆች ማስረዳት አይከብድም። ከተክለ ሃይማኖት አደባባይ ተነሥታችሁ ወደ ዱባይ ተራ ስትሄዱ የምታዩት ጨርቅ፣ ብርጭቆና የቤት ዕቃ አብዛኛው በባሕር ተጭኖ በጅቡቲ በኩል የገባ ነው። ከምጽዋ በስተ ደቡብ በዙላ ባሕረ ሰላጤ የነበረው የአዱሊስ ወደብም እንዲሁ ነበር። በ1ኛው መቶ ዘመን አንድ መርከበኛ የጻፈው የጉዞ መምሪያ ጨርቅ፣ ብርጭቆ፣ ናስና ብረት በዚያ እንደሚራገፍ፣ የዝሆን ጥርስና የአውራሪስ ቀንድ እንደሚጫን ይናገራል። ከአዱሊስ እስከ አክሱም መንገዱ 8 ቀን ይፈጅ ነበር። ፍሬምናጦስ ያበረታታቸው የጸሎት ማኅበሮች ዕቃ ሊሸጡ ከመጡ ሰዎች መካከል የተሰበሰቡ ነበሩ። ከሱቅ ውላችሁ ማታ ለጸሎት የምትሰበሰቡ ሁሉ፣ ቀዳሚዎቻችሁ እነርሱ ናቸው።

ልዑሉ ባደገ ጊዜ ሁለቱ ወንድማማቾች ሁሉን አስረከቡ። ንግሥቲቱና ልጇ እንዲቀሩ ቢለምኗቸውም ተነሡ። መንገዳቸው የተለየው እዚህ ነው። ኤዴስዮስ ወላጆቹንና ዘመዶቹን ለማየት ወደ ጢሮስ ቸኮለ። ፍሬምናጦስ ግን የጌታን ሥራ ሰውሮ መቀመጥ አይገባም ብሎ ወደ እስክንድርያ ሄደ። በዚያ እ.ኤ.አ. በ328 ጳጳስ ለሆነው ለአትናቴዎስ ያየውን ሁሉ ነገረው፤ ብዙ አማኞች ተሰብስበዋልና የሚጠብቃቸው ሰው ላክላቸው አለው። አትናቴዎስም ከአንተ የተሻለ ማን ይገኛል ብሎ እርሱኑ ጳጳስ አድርጎ ሾመና መልሶ ላከው።

ኤዴስዮስን አንውቀሰው። ቤተሰብ መናፈቅ ጥፋት አይደለም። በጢሮስ ቄስ ሆኖ ጌታን አገለገለ፤ ለሩፊኖስ ታሪኩን የነገረውም እርሱ ነው። እርሱ ባይመለስ ኖሮ ይህን ባላወቅን ነበር። አንዱ ተመልሶ መሰከረ፤ አንዱ ተመልሶ አገለገለ።

“ሩፊኖስ አገሩን ሕንድ ይለዋል፤ አክሱም መሆኑን በምን እናውቃለን?” የሚል ጠያቂ ካለ፣ ጥያቄው መልካም ነው። በዚያ ዘመን ከቀይ ባሕር ወዲያ ያለውን አገር ሁሉ ሕንድ ማለት የተለመደ ነበር። የሮም ንጉሥ ቆንስጣንዮስ እ.ኤ.አ. በ356 ግድም ለአክሱም ገዢዎች ለዒዛናና ለሳይዛና የጻፈው ደብዳቤ ግን ጳጳሱን ፍሬምናጦስን በስሙ ይጠራዋል። አትናቴዎስ ደብዳቤውን በጽሑፉ ውስጥ አስቀምጦታል። በዒዛና ገንዘቦች ላይም በመጀመሪያ ክብና ግማሽ ጨረቃ ይታይ ነበር፤ ኋላ በምትኩ መስቀል ገባ። በግሪክኛ ባስቀረጸው ድንጋይ ላይም በአብ፣ በወልድና በመንፈስ ቅዱስ ማመኑን ገልጿል። የሩፊኖስ ትረካ፣ የንጉሡ ደብዳቤ፣ ገንዘቡና ድንጋዩ ለየብቻቸው ሳሉ ይስማማሉ።

በዚያው ባሕር ላይ ከ1,500 ዓመት በኋላ ደግሞ ሌሎች ልጆች ተጫኑ። በ19ኛው መቶ ዘመን የባሪያ ነጋዴዎች ከመሀል አገር የተፈነገሉ ልጆችን በሸራ ጀልባ ወደ ዐረብ አገር ያሻግሩ ነበር። ፈንጋዮቹም ሻጮቹም በአብዛኛው የእኛው ሰዎች ነበሩ። እ.ኤ.አ. በ1886 ኢጣሊያኖች አንዲቱን ጀልባ ይዘው ልጆቹን ነጻ አወጡ። ከመካከላቸው አስቴር ጋኖ ነበረች። በምጽዋ አጠገብ በእምኩሉ ወደሚገኘው የስዊድን ወንጌላዊ ሚሲዮን ትምህርት ቤት ገባች። እዚያም እንደ እርሷ በባርነት ተሽጦ እ.ኤ.አ. በ1870 በምጽዋ ነጻ ከወጣው ከኦኔሲሞስ ነሲብ ጋር ሠራች። መጽሐፍ ቅዱስ በሙሉ በኦሮምኛ እ.ኤ.አ. በ1899 በስዊዘርላንድ፣ በቅድስት ክሪሾና ታተመ። አስቴር ከልጅነቷ ያልጠፉባትን ቃላት ሰብስባ ለዚያ ሥራ አስረክባለች። ሁለቱም ነጻ ከወጡ በኋላ ወደ ሸጣቸው አገር ተመለሱ፤ እ.ኤ.አ. በ1904 ነቀምት ገብተው ማስተማር ጀመሩ።

ሕፃን መፈንገል ከቶ መልካም አይሆንም፤ መርከብ መውረርም መልካም አይሆንም። እግዚአብሔር ክፉውን መልካም ብሎ አልጠራውም። ክፉ የተደረገባቸው ልጆች ግን ነጻ በወጡ ጊዜ፣ ቂም ይዘው መቅረት ሲችሉ፣ ለበደላቸው ሕዝብ ቃሉን ይዘው መጡ። የእምነታችን ታሪክ በእነዚህ ሰዎች ላይ የቆመ ነው።

ኅብረታችሁ በዚህ ዓመትም ሽርሽር ያቅድ ይሆናል። ሂዱ፤ እዩ፤ ተደሰቱ። ግን ሜሮጵዮስ ሊያይ ሄደ፤ ፍሬምናጦስ የተገኘበትን ስፍራ አገልግሎት አደረገው። መርካቶ በየቀኑ ሳያስቡት የደረሱ ልጆችን ትቀበላለች፦ ከገጠር የመጣ ሊስትሮ፣ ልትማር መጥታ የሰው ቤት ሠራተኛ ሆና የቀረች ልጅ፣ ከኦቦክ በጀልባ ወደ የመን ሊሻገር ወጥቶ ከመንገድ የተመለሰ ወጣት። ፍሬምናጦስ ሥልጣን ሲያገኝ አስቀድሞ የጠየቀው፣ “በዚህ ገበያ ውስጥ የእኛ የሆነ ማን አለ?” የሚለውን ነው። በሚቀጥለው ጉባኤያችሁ ይህንኑ ጠይቁ፤ በደጃችሁ የሚያልፈው፣ ግን እስከ ዛሬ ማንም ስሙን ያልጠየቀው ማን ነው?