ረሃባችንን ለዓለም ያሳየው የናይሮቢ ልጅ

በሱቃችን ደጃፍ ቡና ሲጠጣ የ77ቱ ረሃብ ከተነሣ፣ «ስማችንን ያጠፋው ያ ፊልም ነው» የሚል አይጠፋም። ልጆቻችንም በትምህርት ቤት «የረሃብ አገር ልጅ» ተብለው አልቅሰው የመጡበት ጊዜ ነበር። ስለዚህ በዚህ የኢዮቤልዩ መጽሔታችን የፊልሙን ባለቤት፣ ኬንያዊውን መሐመድ አሚንን፣ ልናስታውሰው ወደድን።

መሐመድ እ.ኤ.አ. በ1943 እዚሁ ናይሮቢ ተወለደ። ፎቶግራፍ ማንሣት የጀመረው ገና ተማሪ ሳለ ነው። በ1963 ካሜራፒክስ የተባለውን ድርጅቱን ዳሬሰላም ላይ አቋቋመ፤ ከሦስት ዓመት በኋላ ወደ ናይሮቢ አዛወረው። በሥራው ምክንያት ዛንዚባር ላይ እስከ መታሰር ደርሷል።

በጥቅምት 1984 ከቢቢሲው ማይክል በርክ ጋር ኮረም ደረሰ። ደርግ የአሥረኛ ዓመት በዓሉን በታላቅ ድግስ ካከበረ ገና አንድ ወር መሆኑ ነው። እኛ ያኔ አዲስ አበባ ተማሪዎች ነበርን፤ የወሎን ነገር የምንሰማው በሹክሹክታ ነበር። ጥቅምት 23 ቀን ዓለም ያየውን ፊልም እኛ ያየነው ከብዙ ዓመት በኋላ፣ በስደት ላይ ሆነን ነው። ካሜራው አይቸኩልም። በማለዳው ብርድ በጨርቅ የተጠቀለለውን ሬሳ፣ አጠገቡ የተቀመጠችውን እናት፣ ሁሉንም ቀስ ብሎ ያያል። አንድ ወገናችን መጨረሻውን ሳያይ ተነሥቶ ወጣ።

ፊልሙን ከ400 በላይ የቴሌቪዥን ጣቢያዎች አሳዩት። ቦብ ጌልዶፍ ያንን አይቶ ነው በ1985 ላይቭ ኤይድን ያዘጋጀው። ቅሬታም አለን፤ ፊታቸውን ዓለም ያወቀው የብዙዎቹ ሰዎች ስም እስከ ዛሬ አይታወቅም። ነገር ግን ያዋረደን ረሃቡንና ሬሳውን የደበቀው እንጂ ያሳየው አይመስለንም።

ደርግ ከወደቀ ከሳምንት በኋላ፣ በሰኔ 1991፣ አዲስ አበባ የጥይት መጋዘን ሲፈነዳ መሐመድ እየቀረጸ ነበር። የሥራ ባልደረባው ጆን ማታይ እዚያው ሞተ፤ እሱ ግራ እጁን አጣ። ሌላ ሰው ቢሆን ጡረታ ይወጣ ነበር። እሱ ሰው ሠራሽ እጅ አስገጥሞ ወደ ካሜራው ተመለሰ።

ኅዳር 23 ቀን 1996 ከአዲስ አበባ ወደ ናይሮቢ ይበር የነበረው የአየር መንገዳችን አውሮፕላን ተጠለፈ። ካፒቴን ልዑል አባተ ነዳጅ አልቆበት ኮሞሮስ ባሕር ላይ አሳረፈው። ከ175ቱ ሰዎች 125ቱ አለቁ፤ መሐመድም አንዱ ነበር። ከጠላፊዎቹ ጋር ቆሞ ይከራከር እንደነበር የተረፉት ተናግረዋል። እኛ ያን ቅዳሜ በሰው ሱቅ ተቀጥረን ስንሠራ ወሬውን በሬዲዮ ሰማን፤ ገበያተኛው ሁሉ ዝም አለ።

ብዙዎች የማያውቁት አንድ ነገር አለ። የአየር መንገዳችንን «ሰላምታ» መጽሔት ያዘጋጅ የነበረው የእሱ ካሜራፒክስ ነው። አንድ የቆየ ቁጥር ሱቃችን ውስጥ አለ። ማየት የሚወድ ልጅ ከእናቱ ጋር ጎራ ይበል፣ እናሳየዋለን።